ከስሙ ቀጥሎ ያለው ባዶ ቦታ

ብርዕ ስይዝ እጄ ይንቀጠቀጣል። ያየኝ ሁሉ «እርጅና ነው፣ ምን ይደረግ» ይላል፤ እኔም እንዳላችሁ ብዬ ዝም እላለሁ። እውነቱን ለመናገር ግን እጄ መንቀጥቀጥ የጀመረው ጠጉሬ ሳይሸብት፣ ጥርሴም ሳይጎድል፣ እሪ በከንቱ ሰፈር ባለው መስክ ላይ በተቀመጠ አፈርሳታ ነው። ያን ጊዜ ጎልማሳ ነበርሁ። ከዚያ ወዲህ አንድም ቃል ሳልፈራ ጽፌ አላውቅም።

ባለፈው ወር ከሥራ ተሰናበትሁ። መሥሪያ ቤቴ የጽሕፈት መኪና አስመጣ። መኪናው በቆርቆሮ ጣራ ላይ እንደሚወርድ በረዶ እየተንጣጣ፣ እኔ ግማሽ ቀን የምፈጅበትን ደብዳቤ አንድ ሰው ቡና ጠጥቶ ሳይጨርስ ያወጣዋል። ሹሙ ጨዋ ሰው ናቸውና «አባቴ፣ እንግዲህ ዓይንዎ ይረፍ» አሉኝ። ዓይኔስ ይረፍ፤ እጄ ግን ምን ይሁን? የቀለም ቀንዴን፣ ብርዖቼንና መቅረጫ ቢላዬን በጨርቅ ጠቅልዬ ወደ ቤቴ ወጣሁ። አሁን ሥራ ፈት ስለሆንሁ፣ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሰው ቃል ስጽፍ ኖሬ የራሴን አንድም ሳልጽፍ እንዳልሞት ብዬ ነው ይህን የጀመርሁት።

ሥራ የጀመርሁት አራዳ ገበያ ላይ፣ ከጊዮርጊስ በታች፣ ወንጀለኛ ይሰቀልበት ከነበረው ዛፍ ፈንጠር ብዬ ተቀምጬ ነው። ቦታው የተገኘልኝ ማንም ስላልተሻማበት ነው። ዛፉ ባዶ በሆነበት ቀን እንኳ ጀርባዬን አልሰጠውም ነበር። ፈሪ ውሃ ውስጥ ያልበዋል ይባል የለ፣ እኔ በጥር ብርድ ፀሐይ ሳይወጣ ያልበኝ ነበር። ገበያተኛው «ያ የሚያልበው ጸሐፊ» ይለኝ ነበር፤ ስሙም ለሥራዬ ጠቀመኝ፣ የሚፈልገኝ ሁሉ በቀላሉ ያገኘኛልና።

ሙያውን ያስተማሩኝ መሪጌታ ክንፉ የሚባሉ አዛውንት ናቸው። ቀለማቸውን ራሳቸው ነበር የሚያዘጋጁት፤ ከድስት ቂጥ የተፋቀ ጥላሸትና ያረረ ገብስ በአንድ ላይ ተወቅጦ፣ ተበጥብጦ፣ ወራት ይቆያል። ቶሎ እናውጣው ስላቸው «ያልቆየ ቀለም ይፈሳል» ይሉኝና ክዳኑን መልሰው ይገጥሙታል። መቃውን ለብርዕ ሲቀርጹ ቢላውን ወደ ራሳቸው እንጂ ወደ ሰው አያዞሩትም ነበር። ከሁሉ ይልቅ ግን የማይለቁት አንድ ልማድ ነበራቸው፤ የነገሬ ሁሉ መነሻ እሱ ስለሆነ ልዘርዝረው።

የመሐላ መዝገብ ሲጽፉ በመጀመሪያ የሰዎቹን ስም ከላይ እስከ ታች ይደረድራሉ። ከእያንዳንዱ ስም ቀጥሎ ሁለት ጣት የሚያህል ባዶ ቦታ ይተዋሉ። ሰውየው ቀርቦ መማል ሲጀምር ብርዓቸውን ከወረቀቱ አንሥተው በአየር ላይ ይይዙታል፤ ዓይናቸውንም ይጨፍናሉ። ተናግሮ አፉን ሲዘጋ «ድገመው» ይሉታል። ደግሞ ሲጨርስ ብቻ ብርዑ ይወርድና በባዶው ቦታ ላይ «ማለ» ተብሎ ይጻፋል። አንድ ቀን ድካሙ ሰልችቶኝ፣ «የኔታ፣ ሁሉም እንደሚምል እያወቅን ምን ያደክመናል?» አልኋቸው። ዓይናቸውን ሳይገልጡ «ጆሮዬ ያልሰማውን እጄ አያውቅም» አሉኝ። የሽማግሌ ግትርነት መሰለኝና በልቤ ሳቅሁባቸው።

ከጥቂት ዓመት በኋላ የሰፈሩ ዳኛ የነበሩ አንድ ባላምባራስ ጸሐፊያቸው አደረጉኝ። ደሞዙ ጥቂት ብርና በየወሩ የምትሰፈር አንድ ቁና እህል ነበረች። ባላምባራሱ ሲቆጡ ድምፃቸው ከፍ አይልም፤ ይልቁን ዝቅ ይላል። ሰው ሁሉ ጆሮውን አቅንቶ ትንፋሹን ውጦ ይሰማቸዋል። ጥድፊያ ይወዱ ስለነበር፣ አንድ ቀን በሰው ፊት «ይህስ እጁ ፈጣን ነው» ብለው አመሰገኑኝ። ያቺ ምስጋና ናት ጉድ የሠራችኝ። ከዚያ ቀን ወዲያ ፈጣን አለመባልን ፈራሁ።

የልብ ወዳጄ ተሰማ የሚባል አንጥረኛ ነበር። ሱቁ እሪ በከንቱ ቁልቁለት ላይ ነው፤ ለሙሽራ የብር ድሪ፣ ለማተብ መስቀል ይሠራል። የአንድ ማኅበር ሰዎች ነን፤ በየወሩ በሚካኤል ዕለት ጽዋው ከቤት ቤት ሲዞር እሱና እኔ ጎን ለጎን ነበር የምንቀመጠው። ደግሞ በኅዳር በሽታ ጊዜ፣ ወንድም ወንድሙን ጥሎ ሲሸሽ፣ እኔ ቤቴ ውስጥ ብቻዬን ወድቄ ሳለሁ በሬን ገፍቶ የገባ እሱ ነው። ስድስት ቀን በጨርቅ ውሃ እየነከረ አፌ ላይ አንጠባጥቦልኛል። ስድን «ማተብ ያለው ሰው ወዳጁን አይተውም» አለኝ። እኔም ማተቤን ይዤ፣ አንድ ቀን ብተውህ ይህ ይበጠስ አልሁት።

ከበሽታው ሦስት ዓመት በኋላ፣ በጥር ወር፣ አንድ እሑድ ጎሕ ሲቀድ የወይዘሮ አስካለ ቤት ተቃጠለ። ወይዘሮ አስካለ ባሏ የሞተባት፣ ክር ፈትላ የምትኖር ሴት ናት። ነፋስ ስለነበረ እሳቱ የእሷን ቤት በልቶ ሦስት የሣር ጣራ አዳረሰ። ሰው አልሞተም፤ አንዲት በቅሎ ግን ታስራ ነበርና ጩኸቷ እስከ ጊዮርጊስ ተሰማ። ማን እንዳቃጠለው የሚያውቅ ጠፋ። ባላምባራሱ ማክሰኞ አፈርሳታ ይቀመጥ ብለው አዘዙ።

ይህ ነገር በአራዳ እየቀረ ስለሄደ፣ ለማያውቅ ሰው ልንገረው። ወንጀለኛው ያልታወቀ ጥፋት ሲደርስ የሰፈሩ አባወራ ሁሉ አንድ መስክ ላይ ይሰበሰባል። ዘበኛ ይከበዋል። ጥፋተኛው እስኪወጣ ድረስ ማንም ቤቱ አይገባም፤ እዚያው ይውላል፣ እዚያው ያድራል፣ ሚስቶች እህል ያቀብላሉ። ሁሉም አንድ በአንድ «እኔም አላደረግሁ፣ ያደረገውንም አላየሁ፣ አልሰማሁ፣ አላውቅም» ብሎ ይምላል። ክርስቲያኑ በመስቀል፣ እስላሙ በቁርኣኑ ነው። ከዚያም ሦስት ሽማግሌዎች ይመረጣሉ፤ ወፍ ይባላሉ። የሚያውቅ ሰው ለነሱ በጆሮ ይነግራቸዋል፤ እነሱም ማን እንደነገራቸው ሳይገልጡ «ወፍ ነገረችን፣ እገሌ ነው» ይላሉ። ደግነቱ የሰፈር ሰው እርስ በርሱ እንዳይደባበቅ ማድረጉ ነው። ክፋቱም ያው ነው፤ ሦስት ቀን ፀሐይና ብርድ የተፈራረቀበት ሰው ቤቱ ለመግባት ሲል ማንንም ይጠራል።

ሰኞ ከሰዓት በኋላ የስም ዝርዝሩን ለማዘጋጀት ተቀመጥሁ። ከመቶ የማያንስ ስም ነው። ባላምባራሱ በማግሥቱ ሲንቆራጠጡ ታየኝ። በስንት አፈርሳታ ተቀምጫለሁ፤ አልምልም ያለ ሰው ግን አይቼ አላውቅም። ስለዚህ ስሞቹን ከጻፍሁ በኋላ፣ ባዶ ቦታ በመተው ፈንታ፣ ከላይ እስከ ታች «ማለ፣ ማለ፣ ማለ» እያልሁ ሞላሁት። እጄ እንዴት ያለ ፈጣን ነበር! ቀለሙ ሲደርቅ መዝገቡን አጥፌ፣ እራቴን በልቼ ተኛሁ።

ማክሰኞ መሐላው ተጀመረ። ቄሱ መስቀሉን ይዘው ከጠዋት ጀምሮ ቆመዋል፤ ተራ ተጠራ፣ ሰው ቀረበ፣ ማለ፣ ሄደ። እኔ በያንዳንዱ ስም ላይ ብርዔን እያንቀሳቀስሁ የምጽፍ እመስላለሁ። እኩለ ቀን ሲሆን ቄሱ በድካም ዓይናቸው ሊከደን ደረሰ። ባላምባራሱም ከግቢ የመጣ መልክተኛ ያነጋግራሉ። ተሰማ ተጠራ።

መስቀሉን ጨበጠ። ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። ድምፅ ግን አልወጣም። እኔ ከሱ ሁለት ክንድ ርቀት ላይ ነበርሁ፤ የሌሎቹን ሁሉ እንደ ጸሎት ለምጄው ሳልሰማ ሳሳልፍ፣ የሱን ዝምታ ሰማሁት። ቀና ብዬ አየሁት። ፊቱ አመድ መስሏል። ዓይኑ የኔ ዓይን ላይ ተተክሎ ይለምነኛል። ቄሱ ከንፈሩን ብቻ አይተው «እሺ፣ ቀጥል» አሉ። ወደ መዝገቡ ጎንበስ አልሁ። «ተሰማ፣ አንጥረኛ፣ ማለ» ይላል። ቀለሙ ደርቋል፤ ከትናንት ጀምሮ ደርቋል። «ቀጣዩን ጥራ» አለኝ ዘበኛው። ጠራሁ።

ከሱ በኋላ ጥቂት ሰው አልፎ ሙሄ ተጠራ። ሙሄ ከወሎ የመጣ ኮርቻ ሠሪ ነው። ወይዘሮ አስካለን በአጥር ይዋሰናታል፤ ሲቃጠል ውሃ ተሸክሞ መጀመሪያ የደረሰም እሱ ነው። ቁርኣኑን የያዙት ሼህ ቀረቡ። ሙሄ ግን እጁን አልዘረጋም።

«አላቃጠልሁም ብዬ እምላለሁ» አለ። «አላየሁም ብዬ ግን አልምልም።»

ባላምባራሱ መልክተኛውን ትተው ዞሩ። ድምፃቸው ዝቅ አለ።

«እንግዲያ ማንን አየህ?»

«ለንጋቱ ሶላት ስታጠብ አንድ ሰው ጎንበስ ብሎ በአጥሩ ሥር ሲያልፍ አየሁ። ጨለማ ነው፤ ማን እንደሆነ አልለየሁትም።»

«ማንን መሰለህ?»

«መሰለኝ ብዬ የሰው ስም አልጠራም፣ ጌታዬ። አላየሁም ብዬም በአላህ ስም አልዋሽም። የያዝሁት ይኸው ነው።»

«ይህ እየሸሸገ ነው!» አለ አንድ ሰው ከኋላ። ሌላውም ተቀበለው። እኔ መቅረጫ ቢላዬን አወጣሁና ከሙሄ ስም ፊት ለፊት አስቀድሜ የጻፍሁትን «ማለ» ፋቅሁ፤ በላዩም «አልማለም» ብዬ ጻፍሁ። ይህን ስጽፍ እጄ አልተንቀጠቀጠም። ለባዕዱ ሰው ቢላዬ ስለት ነበረው፤ ለወዳጄ ግን ከኪሴ አልወጣም። ዛሬም የሚያንገበግበኝ ይህ ነው።

ረቡዕ ወፎቹ ከዛፍ ሥር ተቀምጠው ዋሉ፤ አንድ ሰው የነገራቸው ነገር የለም። ሕፃናት በረሃብ ያለቅሳሉ፣ ላሞች ሳይታለቡ ይጮኻሉ እያለ ሰው ማጉረምረም ጀመረ። ባላምባራሱ መዝገቡን አንብብ አሉኝ። ተነሣሁ። ስም በስም፣ «ማለ» በ«ማለ» እያልሁ ወረድሁ። ተሰማ ላይ ስደርስ ቆምሁ። ብፍቀውስ? ለምን ፋቅህ ይሉኛል። አልሰማሁም ብልስ? ትናንት ለምን ዝም አልህ ይሉኛል። ባላምባራሱ አንገታቸውን ቀና ሲያደርጉ አየሁ። «ተሰማ፣ አንጥረኛ፣ ማለ» ብዬ አነበብሁ። ድምፄ የሌላ ሰው ድምፅ መሰለኝ።

በመዝገቡ ያልማለ አንድ ሙሄ ብቻ ሆኖ ተገኘ። ባላምባራሱ ሠላሳ ጅራፍ አዘዙ። እስከ ነገም ያየውን ካልተናገረ ቤቱ ለወይዘሮ አስካለ ይሰጥ፣ እሱም ከሰፈሩ ይውጣ አሉ። ሸሚዙን አወለቁት። እኔ ቁጥሩን እንድመዘግብ ከፊቱ ተቀመጥሁ። ሙሄ አልጮኸም፤ በየጅራፉ አፍንጫው ብቻ ያፏጫል። ወደ እኔ ቢያይ ኖሮ ይሻለኝ ነበር። አላየኝም። ወይዘሮ አስካለ ከዳር ቆማ «ኧረ ተዉት! እሱ እኮ ውሃ ያመጣልኝ ነው!» እያለች ታለቅሳለች፤ የሚሰማት ግን የለም።

ከዚያ በኋላ ተሰማ በመስኩ ዳር ካሉት ባሕር ዛፎች ሥር ጎኔ መጥቶ ተቀመጠ። ሳልጠይቀው ነገረኝ። እሑድ ለሚደረግ ሠርግ የሙሽራዋ ድሪ አላለቀም ነበር፤ የሙሽራዋ ወገኖች ደግሞ ኃይለኞች ናቸው። ሰንበትን ሽሮ፣ ጎሕ ሳይቀድ ከሰል አቀጣጥሎ ሠራ። ሰው ሳያየኝ ልድፋው ብሎ ፍሙን በገል ይዞ ወጣና በወይዘሮ አስካለ አጥር ሥር አፈሰሰው። ነፋሱ የቀረውን ሠራ።

«አስቤ አይደለም» አለኝ። «ታውቀኛለህ።»

«አውቅሃለሁ። ታዲያ ለምን አትናገርም?»

«ምን ብዬ? ሰንበት ሻርሁ ብዬ? ማኅበሩ ያስወጣኛል። ባለ እጅ ነኝ፣ ድሮም ከኋላዬ ቡዳ ይሉኛል፤ አሁን ደግሞ ቤት አቃጣይ ሲሉኝ ማን ያስጠጋኛል? በሞቴ፣ ወንድሜ! በዚያ በሽታ ስትወድቅ እኔ ፈርቼ ነበር እኮ። ፈርቼም ግን ገባሁ።»

ዝም አልሁ። ዝምታዬን እሺታ አድርጎ ወሰደውና እጄን ሳመኝ። የሳመኝ ብርዕ የምይዝበትን እጅ ነው። መንቀጥቀጥ የጀመረው ያኔ ነው።

ጸሐፊ ስለሆንሁ ከመስኩ እንድወጣ ይፈቀድልኛል። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ መዝገቡን በብብቴ ይዤ ወደ መሪጌታ ክንፉ ቤት ሄድሁ። ለምን እንደሄድሁ እንኳ በቅጡ አላውቅም፤ የፈራ ልጅ ወደ አባቱ እንደሚሮጥ መሆን አለበት። ዓይናቸው ደክሟል። መዝገቡን ተቀበሉኝና ወደ በሩ ብርሃን ዘንበል አድርገው ቅጠሉን በጣታቸው ዳሰሱት። ጣታቸው አንድ ቦታ ላይ ቆመ።

«ይህን ማን ፋቀው?»

«እኔ ነኝ፣ የኔታ።»

«ከሥሩ ‹ማለ› የሚል አለ። አልምልም ላለ ሰው ማለ ብለህ የጻፍኸው መቼ ነው?»

«ሰኞ።»

«መሐላውስ?»

«ማክሰኞ።»

«የሌሎቹንስ?»

መሬት መሬት አየሁ። መዝገቡን አጠፉት። መቁጠሪያቸውን አንሥተው ጥቂት ቆጠሩ። ከዚያ እንዲህ ሲሉ ጠየቁኝ፤ «ዛሬ ስንት ጅራፍ ጻፍህ?»

«ሠላሳ» አልሁ፤ ይህን ስል እንባዬ ቀደመኝ። ሁሉንም ነገርኋቸው፤ የተሰማን ከንፈር፣ ፍሙን፣ ያንጠባጠበልኝን ውሃ። «የኔታ፣ ወዳጄን እንዴት አሳልፌ ልስጥ? ሕይወቴን ያተረፈ ሰው ነው!»

«ስለ ወዳጅህ መቼ ጠየቅሁህ?» አሉኝ። «የጠየቅሁህ ስለ ራስህ እጅ ነው። ያልሰማኸውን አልሰማሁም በል። የሱን እሱ ይናገራል፣ ባይናገርም ከፈጣሪው ጋራ ነው። አንተ የፋቅኸው ግን የሙሄን ጀርባ ነው።»

«ባላምባራሱ ይገርፉኛል።»

«ሊገርፉህ ይችላሉ» አሉ መሪጌታ። አይዞህ አላሉኝም። እኔ አይዞህ እንዲሉኝ ነበር የጓጓሁት።

ሐሙስ ጠዋት መስኩ ላይ ደረስሁ። ሙሄ በቀኝ በኩል ታስሮ ተቀምጧል፤ ነጠላው ከጀርባው ጋራ ተጣብቋል። ተሰማ ከሰዎች መካከል ሆኖ ያየኛል። ባላምባራሱ ወፎቹን ሊጠሩ ሲሉ መሬት ላይ ተደፋሁ።

«ምን ሆነህ ነው?» አሉኝ።

«ጌታዬ፣ መዝገቡ ሐሰት ነው። ያረከስሁት እኔ ነኝ። ማንም ሳይምል፣ ሰኞ ዕለት፣ ማለ ብዬ ለሁሉም ጽፌዋለሁ። ማን እንደማለ፣ ማን እንዳልማለ ልመሰክር አልችልም። ከሁሉም ቃሉ የታመነው ያልማለው ሰው ነው፣ እሱን ብቻ ነው ሰምቼ የጻፍሁት።»

ባላምባራሱ ቀስ ብለው ተነሡ። ድምፃቸው በጣም ዝቅ ስላለ ከኋላ ያሉት አልሰሙትም፤ እኔ ግን እስከ ዛሬ እሰማዋለሁ። «በመዝገብህ ሰው አስገረፍኸኝ?» አሉ። ከዚያ ወደ ዘበኞቹ ዞረው «አውልቁት» አሉ። ነጠላዬን ገፈፉኝ። ይህን ጊዜ ሙሄ ከታሰረበት ተናገረ።

«ጌታዬ፣ መጀመሪያ የኔን ሠላሳ ይመልሱልኝና እሱን ይግረፉት።»

አንዳንዱ ሳቀ፣ አንዳንዱ አፉን ያዘ። ባላምባራሱ ዘበኞቹን በእጃቸው ገትተው፣ «ልበሰው» አሉኝ። «በኔ ደጅ ግን ዳግም አትጽፍም። ዛሬ የመጨረሻህ ነው፤ እንደገና ሁሉም ይማል፣ አንተም ሰምተህ ጻፍ።»

አዲስ ወረቀት አወጣሁ። ስሞቹን ደረደርሁ፤ ከእያንዳንዱ ቀጥሎ ሁለት ጣት ባዶ ቦታ ተውሁ። አንድ ሰው ሲቀርብ ብርዔን አነሣለሁ፤ ሲጨርስ «ድገመው» እላለሁ። እጄ ስለሚንቀጠቀጥ ቀለሙ ጉልበቴ ላይ ይንጠባጠባል። ሰው ሰልችቶት ይሰድበኛል፤ ይስደበኝ ብዬ «ድገመው» እላለሁ። በልቤ ግን ተራው እንዳይደርስ እጸልያለሁ። ደረሰ። «ተሰማ» ብዬ ጠራሁ።

መጥቶ መስቀሉን ያዘ። ብርዔን አነሣሁ። እኔ ባዶውን ቦታ አያለሁ፣ እሱ ብርዔን ያያል። ቢምል «ማለ» ብዬ እጽፋለሁ፤ ሰምቻለሁና። ሐሰት መሆኑን እያወቅሁ እጽፋለሁ፤ ሙሄም ከሰፈሩ ይወጣል። ይህን ሁለታችንም እናውቃለን። ብርዔ በአየር ላይ ስንት ጊዜ እንደቆየ አላውቅም። ቄሱ እንኳ ነቁ።

«አትጻፍ» አለ ተሰማ። «እኔ ነኝ።»

ከዚያ የሆነውን ባጭሩ ልናገር። ሙሄ ተፈታ። ተሰማ ጉድፉን ሁሉ ተናገረ፤ አስቦ አለማድረጉ ታይቶለት አልተገረፈም፣ ነገር ግን የተቃጠሉትን ቤቶች እንዲሠራና ለሙሄ ካሳ እንዲሰጥ ተፈረደበት። ብር የሚቀጠቅጥበትን መስፍና ወናፉን ሸጦ፣ ጭቃውን በገዛ እጁ አቡክቶ ሠራ። የወይዘሮ አስካለን ቤት ክዳን የጨረሰ ዕለት ዕቃውን በአህያ ጭኖ በደጄ አለፈ። ቀና ብሎ አላየኝም። እኔም «ተሰማ» ብዬ ለመጥራት ፈራሁ። ማኅበሩ አላስወጣውም ነበር፤ ይህን ሳይሰማ ሄደ። በሚካኤል ዕለት አጠገቤ ያለው ቦታ እስከ ዛሬ ሰው ሲቀመጥበት ይከፋኛል። ልክ ነው የሠራሁት የሚል ሰው ብዙ ነው። ሆኖም ሰኞ ዕለት ባዶውን ቦታ ባዶ ትቼው ቢሆን ኖሮ፣ ተሰማ ማክሰኞ ዕለት ያን ብርዕ አይቶ ይናገር ነበር፤ ሙሄም አይገረፍም ነበር። ወዳጄን ያሳጣኝ እውነት መናገሬ ሳይሆን አዘግይቼ መናገሬ ነው።

እኔ ወደ ገበያዬ ተመለስሁ፤ ኋላም በኬላ፣ ኋላም በመሥሪያ ቤቱ ተቀጠርሁ። ከነገሩ ሁለት ዓመት በኋላ አንድ ቀን ሙሄ መጥቶ ከፊቴ ቁጭ አለ። ወሎ ላለው ወንድሙ ደብዳቤ ሊያስጽፍ ነው። ላቤ በግንባሬ ፈሰሰ። «ሌላ ጸሐፊ አጣህ?» አልሁት።

«ሌሎቹ አይፈሩም» አለኝ።

ከዚያ ወዲህ ከአሥር ዓመት በላይ ደብዳቤውን የጻፍሁለት እኔ ነኝ። ሁልጊዜ ሦስት ጊዜ ያስነብበኛል። በመሐል «ሰምተህ ነው የጻፍኸው?» ይለኛል። «ሰምቼ ነው» እላለሁ። ወዳጆች ነን ወይ ብትሉኝ ምን እንደምል አላውቅም። ስለዚያ ሐሙስ አንድም ቀን አውርተን አናውቅም።

ከሥራ በተሰናበትሁ ሳምንት ሙሄ ቤቴ መጣ። ጢሙ ነጭ ሆኗል፤ ሲቀመጥ ጀርባውን ግድግዳ አያስነካም። ቤቱን ለሴት ልጁ የሚያወርስበትን ኑዛዜ ሊያስጽፍ ነው፤ ምስክሮቹ በማግሥቱ ይመጣሉ። የተጠቀለለውን ጨርቅ ፈትቼ ቀንዴንና ብርዔን አወጣሁ። ተናገረ፣ ጻፍሁ። ላነብለት ጉሮሮዬን ስጠርግ መዳፉን በወረቀቱ ላይ ጣለ።

«ዛሬ አታንብብልኝ» አለ።

«ምነው?»

«ደክሞሃል። ደግሞም አምንሃለሁ። አጥፈህ ስጠኝ።»

ይህን ቃል ስንት ዓመት ጠብቄው ነበር። ሲመጣ ግን ከባላምባራሱ ዝቅ ያለ ድምፅ ይልቅ አስፈራኝ። ባነበብሁት መዝገብ የተገረፈ ሰው ነው ሳላነብ የሚያምነኝ። መዳፉን ቀስ ብዬ ከወረቀቱ ላይ አነሣሁና ከመጀመሪያው መስመር ጀመርሁ። አንድ ጊዜ አነበብሁለት። ሁለተኛ አነበብሁለት። እሱ ዓይኑን ጨፍኖ ይሰማል። በሦስተኛው ላይ ቆምሁ፤ «ቤቱን ለልጄ» ሲል «ከነጓሮው» ብሎ ነበር፣ እኔ ሳልጽፈው ቀርቻለሁ።

«ጓሮውን ዘለልሁት» አልሁት።

ሙሄ ዓይኑን ገለጠ። አልተቆጣም፣ አልሳቀም። «ጻፈው» አለኝ።

ብርዔን ከወረቀቱ አነሣሁ።

«ድገመው» አልሁት።